ሃምሳ ዶላርና አሥር «አይደለም»

በአንድ የድሮ የአሜሪካ የቴሌቪዥን ጨዋታ ላይ እንግዳው ይገባል፣ ጥቁሩ ሰሌዳ ፊት ይቆማል፣ ጠመኔ አንሥቶ ስሙን ይጽፋል። ሄዶ ከአቅራቢው ጎን ሲቀመጥ ቤቱ ሆኖ የሚያየው ሰው የእንግዳውን ሥራ ስክሪኑ ላይ በጽሑፍ ያነባል፤ አዳራሽ ውስጥ ላሉትም ይታያቸዋል። ሳቁ ከዚያው ይጀምራል። ያልገባቸው አራት ሰዎች ብቻ ናቸው፦ የእራት ግብዣ ልብሳቸውን ለብሰው ረጅም ጠረጴዛ ኋላ የተደረደሩት፣ ሥራውን በጥያቄ ማግኘት ያለባቸው ጠያቂዎች።

«እንቆቅልህ» ሲሉት «ምን አውቅልህ» እያለ ላደገ ሰው ነገሩ ተገልብጦ የቀረበ ይመስላል። በእኛ እንቆቅልሽ መልሱን የያዘው አንድ ሰው ነው፤ የቀረነው እንጨነቃለን፣ ካቃተን ሀገር ሰጥተን እንገላገላለን። እዚህ መልሱን ያላወቁት አራቱ ብቻ ናቸው፤ የቀረው ሕዝብ ያውቀዋል። ስለዚህ ተመልካቹን የሚይዘው መልሱ ራሱ አይደለም። አዋቂ የተባለ ሰው መልሱ አጠገብ ደርሶ ሳያየው ሲያልፍ ማየት ነው።

ፕሮግራሙ «ዋትስ ማይ ላይን?» ይባላል። «ላይን» እዚህ የሥራ ዘርፍ ማለት ነው፤ በእኛ አፍ «ሥራዬ ምንድን ነው?» ብንለው ያስኬዳል። የማርክ ጉድሰንና የቢል ቶድማን ድርጅት አዘጋጅቶት በአሜሪካው ሲቢኤስ ከፌብሩዋሪ 2 ቀን 1950 እስከ ሴፕቴምበር 3 ቀን 1967 ታይቷል (እዚህ የምጠቅሳቸው ዓመታት ሁሉ በፈረንጆቹ ናቸው)። ረጅሙን ዕድሜውን ያሳለፈው እሑድ ማታ በ10 ሰዓት ተኩል ነው፤ ይህም በፈረንጅ ሰዓት፣ በኒውዮርክ አቆጣጠር። አብዛኛው በቀጥታ ይተላለፍ ነበር። አቅራቢው ከመጀመሪያው ቀን እስከ መጨረሻው ጆን ቻርልስ ዴሊ ነው። ዴሊ የመጣው ከዜና ነው፤ የፐርል ሃርበርን መደብደብና የፕሬዚዳንት ሩዝቬልትን ሞት በሬዲዮ ካሰሙት ድምፆች አንዱ የእሱ ነበር። በሃምሳዎቹ አብዛኛውን ጊዜ ደግሞ በተፎካካሪው ጣቢያ በኤቢሲ የዜና ክፍል ኃላፊ ሆኖ እየሠራ እሑድ ማታ ሲቢኤስ ላይ ይህን ጨዋታ ይመራ ነበር። ዛሬ እንዲህ ያለ ፈቃድ የሚሰጥ ጣቢያ መኖሩን እጠራጠራለሁ።

ወደ አሠራሩ እንግባ። ዴሊ ጠረጴዛ ላይ የሚገለበጡ 10 ካርዶች አሉ። አንድ ጠያቂ ተራው ሲደርስ በ«አዎ» ወይም በ«አይደለም» ብቻ የሚመለስ ጥያቄ ይጠይቃል። መልሱ «አዎ» ከሆነ ያው ሰው ይቀጥላል፤ ሁለተኛ፣ ሦስተኛ፣ እስከፈለገው ድረስ። «አይደለም» ከመጣ አንድ ካርድ ይገለበጣል፣ እንግዳው 5 ዶላር ያገኛል፣ ተራው ወደ ቀጣዩ ያልፋል። ዴሊም ቆጠራውን ይናገራል፦ ሦስት ወደቀ፣ ሰባት ቀረ። አሥሩም ከተገለበጡ እንግዳው 50 ዶላሩን ወስዶ አሸናፊ ሆኖ ይወጣል። ጥያቄ ያጠረው ሰው ተራውን ለጎረቤቱ ማሳለፍ ይችላል፤ ሁሉም ከጨነቃቸው ደግሞ ለጥቂት ሰከንዶች አንገት ለአንገት ገጥመው ይመካከራሉ። በግማሽ ሰዓት ውስጥ፣ ማስታወቂያውን ጨምሮ፣ ብዙውን ጊዜ ሁለት ተራ ሰዎችና አንድ ታዋቂ ሰው ይቀርባሉ፤ ጊዜ ከተረፈ ሦስተኛ ተራ ሰው ይገባል።

በመጀመሪያዎቹ ዓመታት ሌላም ነገር ነበረበት። እንግዳው ከመቀመጡ በፊት በጠያቂዎቹ ፊት ያልፋል፤ እነሱም እጁን ያያሉ፣ ልብሱን ይመረምራሉ፣ ከዚያ እያንዳንዳቸው አንድ ነጻ ግምት ይወረውራሉ። ይህ ኋላ ላይ ቀረ፤ ደግ ተደረገ። ግምቱ ቢሳሳት የሚያስከፍለው የለም፣ ቢያገኝ ደግሞ ጨዋታው ሳይጀመር ይሞታል። ዋጋ የሌለው ግምት ያለበት ጨዋታ ውስጥ ማንም ተጨንቆ አይጠይቅም።

ዋናው ሞተር ያ 5 ዶላር ነው። ገንዘቡ በዚያን ጊዜም ትንሽ ነበር። ግን እያንዳንዱን «አይደለም» ለዓይን የሚታይ ኪሳራ ያደርገዋል። ትንሽ መሆኑም አዳነው፦ በ1958 በብዙ ሺህ ዶላር የሚያጫውቱ የጥያቄና መልስ ፕሮግራሞች መልስ ለተወዳዳሪ አስቀድመው እንደሚያቀብሉ ተጋልጦ አንድ በአንድ ሲዘጉ፣ ይህኛው ሳይነካ ቀጠለ። ለ50 ዶላር ብሎ ማን ያጭበረብራል?

አሁን ብዙ ሰው የማያስተውለውን ልንገራችሁ። በታወቀው የ20 ጥያቄ ጨዋታ ምርጡ ጥያቄ ነገሩን እኩል ለሁለት የሚሰነጥቅ ነው፤ እንዲህ ያሉ 10 ጥያቄዎች 1,024 ነገሮችን ለይተው ይጨርሳሉ። እዚህ ግን የሁለቱ መልሶች ዋጋ አይተካከልም። «አዎ» በነጻ ነው፣ ተራህንም ይተውልሃል። «አይደለም» 5 ዶላርና ተራህን ይወስዳል። በጭንቅላትህ 100 ሥራ አለ እንበልና 70ው አገልግሎት፣ 30ው ዕቃ የሚመለከት ይሁን። «አገልግሎት ነው?» ብትልም «ዕቃ ነው?» ብትልም የምታገኘው እውቀት አንድ ነው። የመጀመሪያው ግን ከ100 ጊዜ 70ውን በነጻ ያሳልፍሃል፤ ሁለተኛው 70 ጊዜ ያስከፍልሃል። ስለዚህ ጥበቡ ይበልጥ የሚጠበቀውን መልስ «አዎ» በኩል እንዲወድቅ አድርጎ መጠየቅ ነው።

የፕሮግራሙ ጠያቂዎች ይህን ያለ ሒሳብ ደርሰውበታል። አንዱ መሣሪያቸው «ከ… ውጭ የሆነ ነገር ነው?» የሚለው አጠያየቅ ነው። «ምግብ ነው?» አይሉም፤ «ከምግብ ውጭ የሆነ ነገር ነው?» ይላሉ። ምግብ ካልሆነ «አዎ» ይመጣል፣ ተራቸውም ይቆያል። ምግብ ከሆነ አንድ ካርድ ይገለበጣል፣ ግን እጅግ ብዙ ነገር ተጠርጓል። ችግሩ ይህን ብቻ የሚደጋግም ጠያቂ ሰዓት ይበላል፤ በ«ከዚህ ውጭ፣ ከዚያ ውጭ» አምስት ነጻ «አዎ» ሰብስቦ ከተነሣበት ብዙም ያልራቀ ሞልቷል። አዳራሹም ይሰለቻል። ጎበዙ ጠያቂ ሁለት ጊዜ ያህል «ከ… ውጭ» ብሎ መሬቱን ካጸዳ በኋላ በቀጥታ ይመታል።

ቀጥታ የሚመቱት ጥያቄዎች ዝርዝራቸው ረጅም አልነበረም፤ ለዓመታት የተደጋገሙ ናቸው። ድርጅቱ ለትርፍ የቆመ ነው? ሰዎች ወደ እርስዎ ይመጣሉ ወይስ እርስዎ ይሄዳሉ? (ይህ በሁለት ተከፍሎ ነው የሚጠየቅ፤ «ወይስ» ያለበት ጥያቄ በ«አዎ» አይመለስም።) ወንዶችም ሴቶችም ይጠቀሙበታል? ቤቴ ውስጥ ይገኛል? በአንድ እጄ ልይዘው እችላለሁ? ከጠያቂዎቹ አንዱ ስቲቭ አለን በ1953 የጨመረው ደግሞ እስከ ዛሬ በእንግሊዝኛ ተረት ሆኖ ቀርቷል፦ ዕቃው ከዳቦ ማስቀመጫ ሣጥን ይበልጣል? ለእኛ ያ ሣጥን ምንም ማለት አይደለም። «ከመሶብ ይበልጣል?» ብትሉ ግን ሁሉም ቤት ያለ መለኪያ ነው፣ መጠኑም ለዚህ ሥራ ልክ ነው፤ ትንሹንና ትልቁን ዓለም ጥሩ አድርጎ ይከፍላል።

አሁን ወደ ዴሊ። ጨዋታውን የሚያቆመውም የሚጥለውም አቅራቢው ነው፤ ምክንያቱም ሰው ስለ ሥራው ሲጠየቅ «አዎ» እና «አይደለም» የሚያወላውሉ ቃላት ናቸው። ዴሊ ጥያቄው ከመጀመሩ በፊት ለጠያቂዎቹ አንድ ፍንጭ ይሰጣል፦ እንግዳው ተቀጣሪ ነው ወይም የራሱ ሥራ ነው፤ ዕቃ ይመለከታል ወይም አገልግሎት። ይህ ልግስና ይመስላል፤ በእውነቱ ግን ክርክር መከላከያ ነው። ሁለቱ ጥያቄዎች ሁልጊዜ የሚጠየቁ፣ ሁልጊዜም የሚያወላውሉ ስለሆኑ አስቀድሞ ቆረጣቸው።

ከዚያ በኋላ እንግዳው ሲያመነታ ዴሊ ጆሮው ላይ ይንሾካሾካል፣ ይመካከራሉ፣ ከዚያ ዴሊ ራሱ ይመልሳል። እዚህ ላይ ነው ዝነኛው አረፍተ ነገሩ የሚመጣው፦ ረጅም፣ ባለ ብዙ «ቢሆንም»፣ ባለ ብዙ «በጠባቡ ከታየ»፣ መጨረሻው ላይ ሲደርስ ጠያቂው መጀመሪያውን ረስቶታል። ጠያቂዎቹም በዚህ ያሾፉበት ነበር። እኔ ግን ለዴሊ እፈርዳለሁ። አጭርና ስህተት የሆነ «አዎ» አራት ሰዎችን ለሦስት ደቂቃ ወደ ገደል ይነዳል፤ መጨረሻ ላይ መልሱ ሲገለጥ «ግን አዎ ብለውኝ ነበር!» የሚል ቅሬታ ይመጣል። ያ ቅሬታ በቀጥታ ስርጭት ላይ ከመጣ ማረሚያ የለውም።

ይህን ከሁሉ አብልጦ የሚያሳየው የ1957ቱ የሳልቫዶር ዳሊ ምሽት ነው። (ዴሊና ዳሊ፤ በአማርኛ ሲጻፉ በአንድ ፊደል ቅርጽ ብቻ ይለያያሉ። ተጠንቅቃችሁ አንብቡ።) ሠዓሊው ታዋቂ ስለሆነ ጠያቂዎቹ ዓይናቸውን ሸፍነዋል። ይጠይቁታል፤ «አዎ» ይላል። ሌላ ይጠይቁታል፤ «አዎ»። ጸሐፊ ነዎት? አዎ። በመድረክና በካሜራ ፊት ይታያሉ? አዎ። ከስፖርት ጋር የተያያዘ ነገር? እሱም አዎ። አቅራቢው ዴሊ እየደጋገመ ጣልቃ ገብቶ «ይህኛው ያሳስታችኋል» ማለት ግድ ሆነበት። ሰውዬው አልዋሸም፤ በገዛ ዓይኑ ሲያየው ሁሉንም ነበር። ችግሩ ጨዋታው የሚጠይቀው «በሰው ዘንድ የታወቁት በምንድን ነው?» የሚለውን እንጂ «ምን ማድረግ ይችላሉ?» የሚለውን አለመሆኑ ነው። ጥያቄው ወደ ጢሙ ሲዞር ነገሩ አበቃ። አካል ላይ ያለ ነገር አያወላውልም።

የታዋቂው ሰው ዙር ሕጉ ይለያል። ጠያቂዎቹ የዓይን መሸፈኛ ያደርጋሉ፤ ዴሊ ሁሉም በትክክል መሸፈኑን ጠይቆ ካረጋገጠ በኋላ ነው እንግዳው ገብቶ የሚፈርመው። እዚህ አንድ ሰው አንድ ጥያቄ ብቻ ይጠይቅና መልሱ «አዎ» ቢሆንም ተራው ያልፋል። ስለዚህ ከላይ ያልኩት የነጻ «አዎ» ብልሃት ግማሹን ጉልበት ያጣል፤ ካርዱን ያድናል እንጂ ተራን አያድንም። በአንጻሩ አራቱ ጠያቂዎች እንደ አንድ ጭንቅላት መሥራት አለባቸው፤ የጎረቤትህን መልስ ያልሰማህ ጊዜ የእሱን ጥያቄ በሌላ ቃል ደግመህ ካርድ ታስገለብጣለህ።

እንግዳው ድምፁን ይለውጣል፦ በቀጭኑ ያንጫርራል፣ የሌላ አገር ሰው ይመስላል፣ ወይም «እም» ብቻ ይላል። ጠያቂዎቹ ግን ዋናውን ፍንጭ የሚያገኙት ከእንግዳው ድምፅ ሳይሆን ከአዳራሹ ነው። እንግዳው ሲገባ ጭብጨባው ረዘመ ወይስ አጠረ? ፉጨት አለበት? ሴቶች ጮኹ? ሳቅ ተቀላቀለበት? ኮሜዲያን ሲገባ የሚሰማው ድምፅ የሀገር መሪ ሚስት ስትገባ ከሚሰማው ይለያል። ሌላው ፍንጭ የቀን መቁጠሪያ ነው። ፕሮግራሙ የሚተላለፈው ከኒውዮርክ ነው፤ ታዋቂ ሰው እሑድ ማታ እዚያ የሚገኘው ብዙ ጊዜ አዲስ ፊልም ወይም ቲያትር ሲያስመርቅ ነው። ከጠያቂዎቹ አንዷ ዶሮቲ ኪልጋለን የብሮድዌይ (የኒውዮርክ የቲያትር ሰፈር) ወሬ ዓምድ ጸሐፊ ስለነበረች የትኛው ተዋናይ ከተማ እንደገባ በሥራዋ ታውቃለች። «አሁን ብሮድዌይ ላይ እየሠሩ ነው?» ብላ «አዎ» ካገኘች የቀረው ጥቂት ስም ነው።

የመጀመሪያው ምሽት ታዋቂ እንግዳ የቤዝቦል ተጫዋቹ ፊል ሪዙቶ ነበር። በዚያው ምሽት መጀመሪያ የቀረበችው ተራ እንግዳ ደግሞ ስቶርክ ክለብ በሚባል የኒውዮርክ የምሽት ቤት የደንበኞችን ባርኔጣና ኮት የምትጠብቅ ሴት ነበረች። ለእኔ ከሪዙቶ ይልቅ እሷ ናት የፕሮግራሙን መንገድ የከፈተችው፤ ሁሉም የሚያየው፣ ማንም ግን ሥራ ብሎ የማያስበው ሥራ።

አንዳንዱ ሰው ታዋቂ ነው ግን ፊቱ አይታወቅም፤ እሱን ዓይን ሳይሸፍኑ ያቀርቡታል። በ1963 ኮሎኔል ሳንደርስ፣ የተጠበሰ ዶሮ በዓለም የሚሸጥበት ያ ነጭ ጢም፣ እንዲህ ቀርቧል። ጂሚ ካርተርም የጆርጂያ ገዥ ሳለ ከ1967 በኋላ በቀጠለው ሌላው እትም ላይ ቀርቦ ጠያቂዎቹ ዓይናቸው ክፍት ሆኖ ማን እንደሆነ ለማወቅ ተቸግረዋል። ከጥቂት ዓመት በኋላ ፕሬዚዳንት ሆነ።

ስለ ወንበሮቹ በአጭሩ። አራት ሰው ሲቀመጥ አራቱም አንድ ዓይነት ከሆኑ ጨዋታው ይደርቃል። ኪልጋለን ለማሸነፍ ትጠይቃለች። አርሊን ፍራንሲስ ተዋናይት ናት፣ ለመሣቅና እንግዳውን ለማዝናናት ትጠይቃለች፤ ከሁለተኛው ፕሮግራም ጀምሮ እስከ መጨረሻው ቆይታለች። ቤኔት ሰርፍ ራንደም ሃውስ የተባለው ድርጅት መጽሐፍ አሳታሚ ነው፤ በቃላት ጨዋታው ሰውን ያስለቅሳል። አራተኛው ወንበር የቀልደኛ ነበር፦ ሃል ብሎክ፣ ከዚያ ስቲቭ አለን፣ ከዚያ ፍሬድ አለን በ1956 እስኪሞት ድረስ፤ ከእሱ በኋላ በየሳምንቱ ሰው እየተቀያየረ ተቀመጠበት። የሰርፍ ወንበር ታሪክ ግን ደስ አይልም። መጀመሪያ የገጣሚው ሉዊስ አንተርማየር ነበር፤ በ1951 በኮሚኒስትነት ጥርጣሬ ዘመቻ ተነሥቶበት ወጣ፣ ሰርፍ ተተካ። ኪልጋለን ደግሞ ኖቬምበር 7 ቀን 1965 በቀጥታ ስርጭቱ ላይ እንደ ወትሮው ጠይቃ በማግስቱ ሞታ ተገኘች።

ጨዋታው ባሕር ሲሻገር እያንዳንዱ አገር አንድ ነገር ጨመረበት። እንግሊዞች በ1951 በቢቢሲ ሲጀምሩት እንግዳው ከመቀመጡ በፊት የሥራውን እንቅስቃሴ ያለ ቃል በእጁ እንዲያሳይ አደረጉ። ብልህ ጭማሪ ነው፤ ጠያቂዎቹን ከመርዳት ይልቅ ያሳስታቸዋል። እስከ ዛሬ የሚጠቀሰው እንግዳቸው ከስታፎርድሺር የሸክላ ፋብሪካ የመጣ ሰው ነው። ሥራው ይህ ነው፦ ሸክላ ምድጃ ውስጥ ሲተኮስ እሳቱ በቀጥታ እንዳይነካው የሚከተትበት የወፍራም ጭቃ ዕቃ አለ፤ ሰውዬው የብረት ቀለበት ያስቀምጣል፣ እርጥብ ጭቃ ይጥልበታል፣ በከባድ የእንጨት መዶሻ እየወቀጠ ያንን ዕቃ ቂጥ ያወጣለታል። ስሙም እንዲሁ በቀጥታ «ቂጥ ወቃጭ» ነው። ይህን በምልክት ሲያሳይ ያየ ሰው ጤፍ ወቂ ወይም አንጥረኛ ይላል እንጂ ሸክላ አይታሰበውም።

ጀርመኖች ደግሞ ገንዘቡን ድምፅ ሰጡት። «ቫስ ቢን ኢሽ?» («ምንድን ነኝ?») በሚለው ፕሮግራማቸው ላይ አቅራቢው ሮበርት ሌምብኬ እንግዳውን መጀመሪያ የሚጠይቀው የትኛውን ቀለም የአሳማ ገንዘብ ማጠራቀሚያ እንደሚፈልግ ነው፤ ለእያንዳንዱ «አይደለም» 5 ማርክ ሳንቲም ቀጭ አድርጎ ይጥልበታል፤ በአሥር 50 ማርክ። ካርድ ሲገለበጥ ከማየት ሳንቲም ሲወድቅ መስማት ይበልጥ ያማል። ሌምብኬ በ1989 እስኪሞት መርቶታል።

እስቲ በአማርኛ እንጫወተው። ለበዓል ሰው በተሰበሰበበት ቤት የሚያስፈልገው ጥቂት ነው፦ በአንድ በኩል «10 ብር» የተጻፈባቸው አሥር ካርዶች፣ ሰሌዳ ወይም ትልቅ ወረቀት፣ ሰዓት፣ አራት መሸፈኛ። ነጠላ በአንድ እጥፍ አይሆንም፣ ያሳያል፤ በአራት አጥፉት። ለአንድ እንግዳ 8 ደቂቃ ይበቃል።

ቋንቋው ግን የራሱን ወጥመድ ይዞ ይመጣል። የመጀመሪያው ጾታ ነው። ዓይኑን የሸፈነ ጠያቂ «ተዋናይ ነህ?» ሲል ግምት ወርውሯል፤ ሴት ከሆነች አዳራሹ ይስቅና ግማሹ መልስ በነጻ ይወጣል። ስለዚህ ሁሉም «እርስዎ» ይባል፤ «ነዎት?»፣ «ይሠራሉ?»። አቅራቢውም ይጠንቀቅ፦ «እንግዳችን መጣች» ካለ ዙሩ አልቋል፤ «እንግዳችን ገብተዋል» ይበል። እንግዳው ራሱ አያሳስብም፤ «ነኝ» ጾታ የለውም።

ሁለተኛው አሉታዊ ጥያቄ ነው። «ሐኪም አይደሉም?» ሲባል አንዱ «አዎ» ብሎ «አዎ፣ አይደለሁም» ማለቱ ነው፤ ሌላው በዚያው ቃል «ነኝ» ማለቱ ይሆናል። ካርዱ ይገለበጥ አይገለበጥ ክርክር ይነሣል። ሕጉ አጭር ይሁን፦ በ«አይደሉም?» የሚያልቅ ጥያቄ አይፈቀድም፣ እንግዳውም «ነኝ» ወይም «አይደለሁም» ብሎ ይመልስ። «ከምግብ ውጭ የሆነ ነገር ነው?» ግን ይፈቀዳል፤ ግሡ አዎንታዊ ስለሆነ መልሱ አያደናግርም።

በሌላ በኩል ለታዋቂው እንግዳ ዙር አማርኛ ተናጋሪ ጥሩ መሣሪያ አለው። ያቺ ትንፋሽን ወደ ውስጥ ስበን «አዎ» የምንልባት ነገር! ድምፅ የላትም፤ ወንድ ይሁን ሴት፣ ሽማግሌ ይሁን ወጣት አትናገርም። ለ«አይደለም» ጠረጴዛውን አንዴ ይምታ። ድምፁ በሬዲዮ የሚታወቅ ሰው እንኳ እንዲህ አድርጎ አሥሩን ካርድ ሊያስገለብጥ ይችላል።

እንግዳ ስትመርጡ አስቂኝ ሥራ አትፈልጉ፤ ሁለት ትርጉም ያለው ሥራ ፈልጉ። ቡና ቀማሽን እንውሰድ። አቅራቢው «ተቀጣሪ ናቸው፤ ሥራቸው አገልግሎት ነው» ይላል። ልዩ ሥልጠና ይጠይቃል? አዎ። ሰዎች ወደ እርስዎ ይመጣሉ? አይደለም፤ አንድ ካርድ። ሥራዎ ከአንድ የተለየ ምርት ጋር ይገናኛል? አዎ። ምርቱ ከመሶብ ይበልጣል? እዚህ እንግዳው ያመነታል፦ ፍሬው ከጣት ጫፍ ያንሳል፣ ጆንያው ግን 60 ኪሎ ነው። አቅራቢው ይወስን፦ «እሳቸው እጅ ላይ በሚደርስበት መልክ፣ አይበልጥም።» ሁለተኛ ካርድ። ወደ አፍ ይገባል? አዎ። ይዋጣል?

ዋናው መንታ መንገድ እዚህ ነው። ቀማሹ በማንኪያ ጨልፎ በኃይል ይምገዋል፣ ምላሱ ላይ ያዞረዋል፣ ይተፋዋል። በሐቅ «አይደለም» ካለ ጠያቂዎቹ ወደ ጥርስ ሳሙናና ማስቲካ ይሄዳሉ፣ አይመለሱም። «አዎ» ካለ ስለ ራሱ ሥራ ዋሸ። ትክክለኛው የአቅራቢ መልስ ጥያቄውን መክፈል ነው፦ «ስለ ምርቱ ከሆነ የጠየቁት፣ ገዢው ይውጠዋል፤ አዎ። ስለ እንግዳችን ከሆነ ግን ሌላ ነው።» ይህ መልስ ራሱ ትልቅ ፍንጭ ነው፤ ቢሆንም ከተሳሳተ መልስ ይሻላል። ነቃ ያለ ጠያቂ «ታዲያ እርስዎ ይተፉታል?» ብሎ በሁለት ጥያቄ ይጨርሰዋል።

ይህ ሁሉ እንዳይደርስ አቅራቢው ከጨዋታው በፊት ከእንግዳው ጋር ለብቻው አምስት ደቂቃ ይቀመጥ። ዕቃ ወይስ አገልግሎት፣ ቤት ውስጥ ወይስ ውጭ፣ መጠኑ በየትኛው መልኩ፣ ማን ይጠቀምበታል፣ ሰውነት ይነካል ወይ፤ እነዚህን አምስት መልሶች ወረቀት ላይ ይያዝ። ከዚያም ተመልካቹን ያስጠንቅቅ። ቤት ውስጥ ጨዋታውን የሚገድለው ብዙ ጊዜ ጠያቂ አይደለም፤ «ትናንት እኮ አብረን ጠጣነው!» የሚል ጎረቤት ነው።

ሰዓቱ አልቆ ካርዶቹ ካልተገለበጡ ደግሞ ዴሊ ያደርግ የነበረውን አድርጉ፦ የቀሩትን በሙሉ በአንድ እጅ ገልብጡና ሙሉውን ገንዘብ ለእንግዳው ስጡት። እሱ ይህን የሚያደርገው ቅር ሳይለው ነበር፤ ሴፕቴምበር 3 ቀን 1967 በመጨረሻው ምሽት፣ ጠያቂዎቹ ዓይናቸውን ሸፍነው ሳለ፣ ታዋቂው እንግዳ ራሱ ዴሊ ነበር፤ ጨዋታውን እየመራም እየመለሰም ሁለቱን ወንበር ለብቻው ይዞታል።